የናቡቴ ወይንና የኦርና አውድማ



«በሚስትና በርስት ቀልድ የለም» የሚለው የአበው ብሂል ከሳንጃ የሰሊጥና የማሽላ ቆላ እስከ ደባርቅ የገብስ ደጋ ድረስ ያልተሰማበት ቤት የለም። ገበሬ መሬቱን ሲያጣ አፈር ብቻ አያጣም፤ የልጆቹን ጉርስ፥ የጎረቤቱን ወንፈል፥ የወላጆቹን መቃብር ጭምር ያጣል። ስለዚህ ለመንገድ፥ ለግድብ፥ ለትምህርት ቤት ወይም ለፓርክ ሲባል ባለይዞታ ከቦታው ሲነሣ የሚከተለው የካሣ ጥያቄ ለመሐንዲስና ለዳኛ ብቻ የሚተው አይደለም፤ የሕሊናም ጥያቄ ነው። ቅዱስ መጽሐፍ የሰው መሬት ስለ ፈለጉ ሁለት ነገሥታት ይነግረናልና ከእነርሱ እንማር።

ፊተኛው አክዓብ ነው (1ኛ ነገ. 21)። በቤተ መንግሥቱ አጠገብ የነበረውን የናቡቴን የወይን ቦታ ለአትክልት ስፍራ ተመኘ። ብዙዎቻችን የምንዘነጋው ነገር አለ፤ አክዓብ የተሻለ የወይን ቦታ ወይም ዋጋውን በገንዘብ ሊሰጥ ቃል ገብቶ ነበር። ናቡቴ ግን የአባቶቹን ርስት አሳልፎ ለመስጠት አልፈቀደም። ንጉሡ እህል አልቀምስም ብሎ ተኛ፤ ኤልዛቤልም በስሙ ደብዳቤ ጽፋ በማኅተሙ አተመች። ሽማግሎች ተሰበሰቡ፥ ሁለት ሐሰተኞች መሰከሩ፥ ናቡቴም ተወግሮ ሞተ። እናስተውል፤ ማኅተም ነበረ፥ ሸንጎ ነበረ፥ ምስክርም ነበረ፤ እውነት ግን አልነበረም።

ሁለተኛው ዳዊት ነው (2ኛ ሳሙ. 24)። ቸነፈር ሕዝቡን በፈጀ ጊዜ በኢያቡሳዊው በኦርና አውድማ ላይ መሠዊያ እንዲሠራ በነቢዩ በጋድ ቃል ታዘዘ። ከዚህ የሚበልጥ የሕዝብ ጥቅም ከየት ይገኛል? ባለ አውድማውም በሬዎቹንና እንጨቱን ጨምሮ በነጻ ሊሰጥ ወደደ። ዳዊት ግን ዋጋ ያልከፈለበትን መሥዋዕት ለአምላኩ ማቅረብን እንቢ ብሎ 50 ሰቅል ብር ከፈለ፤ መሠዊያውንም ከዚያ በኋላ ሠራ። ኦርና ከእስራኤል ወገን አልነበረም፤ ዋጋው ግን አልተጓደለበትም። እንግዲህ ትምህርቱ ይህ ነው፤ የብዙዎች ጥቅም የአንዱን ሰው ዕዳ አይሰርዝም።

በአገራችን ከ1967 ዓ.ም. የመሬት አዋጅ ወዲህ መሬት በግል አይሸጥም፥ አይለወጥም። የ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥትም በአንቀጽ 40 መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው ሲል፥ ሰው በጉልበቱና በገንዘቡ ለሠራውና ለተከለው ግን ባለቤትነትን ያውቅለታል፤ ንብረቱ ለሕዝብ ጥቅም ሲወሰድ ተመጣጣኝ ካሣ በቅድሚያ እንዲከፈለው ያዝዛል። በአንቀጽ 44 ደግሞ በመንግሥት ሥራ ምክንያት ለተፈናቀለ ወይም ኑሮው ለተነካ ሰው ካሣና መቋቋሚያ ይገባዋል ይላል። በአዋጅ ቁጥር 455/1997 ምትክ መሬት ሳያገኝ ለዘለቄታው ለሚነሣ ገበሬ የሚከፈለው ካሣ የአምስት ዓመት አማካይ ገቢው በአሥር ተባዝቶ ይሰላ ነበር። ይህ እንደማይበቃ ታይቶ በአዋጅ ቁጥር 1161/2011 ከሦስቱ ዓመታት ከፍተኛው ገቢ በአሥራ አምስት እንዲባዛ ተደረገ። የቁጥሩ ማደግ መልካም ነው። ነገር ግን ገንዘብ ሁሉን ይተካልን?

በሰሜን ተራሮች ብሔራዊ ፓርክ ውስጥ የነበረውን የግጭን መንደር እናስብ። ፓርኩ በ1962 ዓ.ም. ተቋቁሞ በ1970 ዓ.ም. በዓለም ቅርስነት ተመዘገበ፤ በ1989 ዓ.ም. አደጋ ላይ ካሉ ቅርሶች ተርታ ገባ። የግጭ ነዋሪዎች በ2008 ዓ.ም. የገንዘብ ካሣና የቤት መሥሪያ ቦታ ተሰጥቷቸው ወደ ደባርቅ ከተማ ተዛወሩ፤ በ2009 ዓ.ም. ፓርኩ ከአደጋው መዝገብ ወጣ። ዋልያንና ቀይ ቀበሮን መጠበቅ የፈጣሪን ሥራ ማክበር ነውና ዓላማውን አንነቅፍም። ሆኖም ከማሳና ከግጦሽ ይኖር የነበረ ገበሬ በአንድ ጊዜ ከተሜ ሲሆን፥ በእጁ የገባው ብር ቤት ይሠራለታል እንጂ በየዓመቱ አይበቅልለትም። አብዛኞቹ ሙስሊም ወንድሞቻችንና እኅቶቻችን ናቸው፤ ፍትሕ ደግሞ የሰውን ሃይማኖት አይጠይቅም። ሁለተኛው የቫቲካን ጉባኤ በ1958 ዓ.ም. ስለ ቤተ ክርስቲያንና ስለ ዛሬው ዓለም ባወጣው ሰነድ፥ የጋራ ጥቅም የግል ንብረት መውሰድን ግድ ሲል ካሣው ሁኔታው ሁሉ ተመዝኖ በርትዕ ሊወሰን ይገባል ብሎ ያስተማረው ስለዚህ ነው። ሁኔታው ሁሉ ሲባል የዛፉ ቁጥር ብቻ ሳይሆን የነገ እንጀራም ይመዘናል።

ይህ ትምህርት ለባለ ሥልጣን ብቻ የተነገረ አይደለም። ንብረት ገማች የሆንህ ወንድማችን፥ የምትጽፈው አኃዝ የአንድ ቤተ ሰብ ዕድሜ መሆኑን አስብ፤ ለዘመድህ አትጨምር፥ ደጋፊ ለሌላት መበለት አትቀንስ። ምስክር ሆነህ የምትቆም፥ የናቡቴን ምስክሮች አስብ። ቀያሽ መጣ ሲባል በሌሊት ጎጆ የምትቀልስ፥ ለካሣ ስትል ችግኝ የምትሰካ፥ ይህም ስርቆት ነው፤ የምትወስደው ከእውነተኛው ተነሺ ጉርስ ነው። አባወራ የሆንህ፥ የይዞታ ደብተሩ የሚስትህም ስም ያለበት ነውና ካሣውን ለብቻህ አታጥፋ። ወንድማማቾችም በተከፈለው ብር ምክንያት ፍርድ ቤት ለፍርድ ቤት ከመንከራተት በሽማግሌ ፊት ተስማሙ። የተበደልህ ወንድማችን ደግሞ አቤቱታህን ሕጉ በሰጠህ ቀን ውስጥ አቅርብ፤ መብትህን መጠየቅ ኃጢአት አይደለም፥ ቂም መቋጠር ግን ነው።

እግዚአብሔር በኦሪት ምድሪቱ የእርሱ መሆኗን፥ እኛም በእርሱ ዘንድ እንግዶች መሆናችንን አስታውቆናል (ዘሌ. 25፥23)። ለመንግሥትም ለባለይዞታውም የተነገረ ቃል ነው። እንግዳ የሆነ እንግዳን ባዶ እጁን ከደጅ አያወጣም። የሚያስነሣ እንደ ዳዊት አስቀድሞ ይክፈል፤ የሚነሣም ኑሮውን የሚያቆምበት ያግኝ። ያን ጊዜ መንገዱ ለሁላችን መንገድ፥ ግድቡም ለሁላችን ውኃ ይሆናል።

የፍትሕና የሰላም አምላክ ከሁላችሁ ጋር ይሁን። አሜን።