ስለ ቤት ዕዳና ስለ እውነተኛ ዋጋው

ለሰው ልጅ ኑሮ ምግብ፣ ልብስና መጠለያ የመጀመሪያዎቹ አስፈላጊ ነገሮች መሆናቸውን የማያውቅ የለም። ምግብና ልብስ በየጊዜው የሚገዙ ስለ ሆኑ ዋጋቸው ወዲያውኑ ይታወቃል፤ ተከፍሎም ያልቃል። የቤት ነገር ግን እንደዚህ አይደለም። ብዙ ሰው የቤትን ዋጋ በአንድ ጊዜ ከኪሱ አውጥቶ ለመክፈል አይችልምና ከባንክ ተበድሮ ይገዛል፤ ዕዳውንም ሃያ ወይም ሠላሳ ዓመት ሙሉ ሲከፍል ይኖራል። ይህን ሰው ቤቱን በስንት ገዛኸው ብለን ብንጠይቀው የሚነግረን በውሉ ላይ የተጻፈውን የሽያጭ ዋጋ ነው። በመጨረሻ ከእጁ የሚወጣው ገንዘብ ስንት እንደ ሆነ ግን ብዙ ጊዜ ራሱም አያውቀውም። እንግዲህ በእነዚህ በሁለቱ ቍጥሮች መካከል ያለው ልዩነት ምን ያህል ነው? ይህንንስ ሳይመረምሩ መፈረም የሒሳብ ስሕተት ብቻ ነውን፣ ወይስ የኅሊናም ጥያቄ አለበት? በዚህ ጽሑፍ የምንመለከተው ይህንን ነው።

ጌታችን መድኃኒታችን ኢየሱስ ክርስቶስ በሉቃስ ወንጌል ምዕራፍ 14 ስለ ደቀ መዝሙርነት ሲያስተምር ምሳሌውን የወሰደው ከቤት ሥራ ነው። ግንብ ለመሥራት ያሰበ ሰው ሥራውን ሳይጀምር ተቀምጦ ገንዘቡ እስከ ፍጻሜው ይበቃው እንደ ሆነ እንደሚያሰላ፣ ይህን ባያደርግ ግን መሠረቱን ጥሎ መጨረስ ሲያቅተው የሰው መዘባበቻ እንደሚሆን አስረዳ። ትምህርቱ የሚመራን ወደ ሰማያዊው ጥሪ ነው። ሆኖም ምሳሌው ራሱ አስቀድሞ ማስላት የጥበበኛ ሰው ሥራ መሆኑን ያሳያል። አንዳንድ ምእመናን «እግዚአብሔር ያውቃል» ብለው ያላነበቡትን ውል ሲፈርሙ ይታያሉ። ይህን ቃል የሚናገረው የሚችለውን ሁሉ መርምሮ የቀረውን ለአምላኩ የተወ ሰው ቢሆን እምነት ነው፤ ምንም ሳይመረምር የሚናገረው ቢሆን ግን ስንፍናውን በእምነት ስም መሸፈኑ ነው።

በአገራችን ከጥንት ጀምሮ ወለድ አገድ የሚባል የብድር ውል ይታወቃል። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግም በዚሁ ስም መዝግቦታል። ገንዘብ የቸገረው ባለ ርስት መሬቱን ለአበዳሪው ያስይዛል፤ አበዳሪውም ዋናው ገንዘብ እስኪመለስለት ድረስ በወለዱ ፈንታ የመሬቱን ፍሬ ይበላል። በዚህ ውል ተበዳሪው የዕዳውን ዋጋ በዓይኑ ያየው ነበር። መከር በደረሰ ቍጥር የገዛ ማሳው እህል ወደ ሌላ ሰው ጎተራ ሲገባ ይመለከታልና ማንም ሊያታልለው አይችልም። የዛሬው የቤት ብድር ግን ነገሩን ገልብጦታል። ተበዳሪው በቤቱ ውስጥ ይኖራል፤ በሩን ይከፍታል፣ ይዘጋል፤ እንግዳም ይቀበልበታል። ስለዚህ ያስያዘው ነገር ያለ አይመስለውም። ነገር ግን አበዳሪው ፍሬውን የሚበላው ሌላ ማሳ አለ፤ ይህም ማሳ የተበዳሪው የሥራ ዘመን ነው። በየወሩ የሚታጨደውም የዕድሜው ፍሬ ነው።

ይህን በቍጥር ለማስረዳት ብዙ ወገኖቻችን ከሚኖሩበት ከአሜሪካ አገር ምሳሌ እንውሰድ፤ የሠላሳ ዓመት የቤት ብድር እጅግ የተለመደው በዚያ ነውና። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ከ1930ዎቹ ዓመታት በፊት በዚያ አገር የቤት ብድር ዘመኑ አጭር ነበር። ብዙውን ጊዜ ተበዳሪው ለጥቂት ዓመታት ወለዱን ሲከፍል ቆይቶ በመጨረሻ ዋናውን ገንዘብ ባንድ ጊዜ እንዲመልስ ይጠየቅ ነበር። ታላቁ የኢኮኖሚ ውድቀት በመጣ ጊዜ ብዙ ቤተ ሰቦች ይህን ማድረግ ስላልቻሉ ቤታቸውን አጡ። በ1934 መንግሥት ለቤት ብድር ዋስ የሚሆን መሥሪያ ቤት አቋቋመ፤ ከዚህም በኋላ ዋናውና ወለዱ በአንድነት በየወሩ እየተከፈለ የሚያልቅበት ረጅም ብድር ተስፋፋ። ዘመኑም መጀመሪያ እስከ 20 ዓመት፣ በኋላም እስከ 30 ዓመት ተራዘመ። የዚህ አሳብ መነሻ በጎ እንደ ነበረ መካድ አይገባም፤ ደመወዝተኛው በአቅሙ እየከፈለ የቤት ባለቤት እንዲሆን አስችሎታልና። ሆኖም ወርኃዊው ክፍያ እንዲያንስ ያደረገው ያው የዘመኑ ርዝመት ጠቅላላው ክፍያ እንዲበዛ አደረገ።

አንድ የቤተ ሰብ አባት 500 ሺህ ዶላር የሚያወጣ ቤት ገዛ እንበል። 100 ሺህ ዶላር ከቍጠባው በቅድሚያ ይከፍላል፤ የቀረውን 400 ሺህ ዶላር በዓመት ከመቶ 6.5 በሆነና በማይለወጥ ወለድ ለ30 ዓመት ይበደራል። በየወሩ የሚከፍለው 2,528 ዶላር ያህል ይሆናል። ይህ በ360 ወራት ሲባዛ 910 ሺህ ዶላር ገደማ ነው። ከዚህም ውስጥ 510 ሺህ የሚሆነው ወለድ ነው። እንግዲህ የተበደረውን 400 ሺህ ከመመለሱ በላይ ከዚያ የሚበልጥ ገንዘብ ስለ ጊዜው ብቻ ከፈለ ማለት ነው። ቅድሚያ የከፈለው ሲደመርበት የ500 ሺህ ዶላሩ ቤት ከአንድ ሚሊዮን ዶላር በላይ ወጣበት።

ከዚህ የሚከብደው ደግሞ የአከፋፈሉ ሥርዓት ነው። በመጀመሪያው ወር ከከፈለው 2,528 ዶላር ውስጥ 2,167 የሚሆነው ለወለድ ይሄዳል፤ ከዋናው ዕዳ የሚቀንስለት 361 ዶላር ያህል ብቻ ነው። ወለዱ የሚታሰበው በቀረው ዕዳ ላይ ስለ ሆነ፣ ዕዳው ብዙ በሆነበት በመጀመሪያው ዘመን አብዛኛው ክፍያ ወለድ ይሆናል። አምስት ዓመት ሙሉ ሳያቋርጥ 151 ሺህ ዶላር የሚበልጥ ገንዘብ ከፍሎ ሒሳቡን ቢመለከት አሁንም 374 ሺህ ዶላር ገደማ ዕዳ አለበት። የተበደረው ገንዘብ በግማሽ የሚጎድልለት ከ21 ዓመት በኋላ ነው። ልጅ በተወለደበት ዓመት የተፈረመ ብድር እንደ ሆነ፣ ያ ልጅ አድጎና ትምህርቱን ጨርሶ ከቤት በሚወጣበት ጊዜ የዕዳው ግማሽ ገና አልተነካም።

ሌላም ወጪ አለ። ዕዳው አልቆም እንኳ የቤትና የቦታ ግብር፣ የኢንሹራንስና የጥገና ወጪ አይቋረጥም። ቅድሚያ ክፍያው ከመቶ 20 በታች የሆነ ገዢ አበዳሪውን ከኪሣራ የሚጠብቅ ኢንሹራንስ ራሱ እንዲከፍል ብዙ ጊዜ ይገደዳል። ወለዱ የሚለዋወጥ የሆነበት ውል ደግሞ በመጀመሪያ ዓመታት ክፍያውን አሳንሶ በኋላ ሊያከብደው ይችላል፤ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ከ2007 ጀምሮ በአሜሪካ በደረሰው የቤት ብድር ቀውስ ብዙ ሰዎች ከቤታቸው እንዲወጡ ካደረጉት ምክንያቶች አንዱ ይህ ነበር። አሥር ዓመት ከከፈሉ በኋላ የቀረውን ዕዳ እንደ ገና በአዲስ የ30 ዓመት ብድር የሚተኩም አሉ። ወርኃዊው ክፍያ ሲቀንስ ያተረፉ ይመስላቸዋል፤ የዕዳቸው ዘመን ግን አርባ ዓመት ሆነ።

በዚህ ጊዜ ከአንባብያን አንዱ «ተከራይቶ የሚኖርስ አይከፍልምን?» ብሎ ቢጠይቅ ጥያቄው ትክክለኛ ነው። ኪራይ ተከፍሎ የሚቀር ገንዘብ ነው፤ ዋጋውም ከዓመት ወደ ዓመት ሊጨምር ይችላል። የማይለወጥ ወለድ ያለው ብድር ግን ክፍያው ባለበት ይቆያል፤ የኑሮ ውድነት በጨመረ ቍጥርም የዚያው ገንዘብ ክብደት እየቀለለ ይሄዳል። ቤቱም በመጨረሻ ለልጆች የሚተርፍ ሀብት ይሆናል። ይህ ሁሉ እውነት ስለ ሆነ ቤትን በብድር መግዛት ስሕተት ነው አንልም። የምንለው በሚዛኑ ላይ ሁለቱም ወገን ሙሉ ሆኖ ይቀመጥ ነው። ቤቱ ከ30 ዓመት በኋላ 900 ሺህ ዶላር ቢሸጥ ባለቤቱ 400 ሺህ አተረፍሁ ብሎ ይደሰት ይሆናል። የከፈለውን ወለድ፣ ግብርና ጥገና በአንድ ወገን፣ የዳነለትን ኪራይ በሌላ ወገን አድርጎ ሳያስብ ግን ማትረፉንም ሆነ መክሠሩን ሊያውቅ አይችልም።

እስከዚህ ድረስ የተናገርነው የሒሳብ ነገር ነው። ከዚህ ቀጥሎ ያለው ግን የነፍስ ነገር ነው። ሠላሳ ዓመት ለመክፈል የሚፈርም ሰው ገና በእጁ ያልገባውን ዘመን በመያዣነት ይሰጣል። ሐዋርያው ያዕቆብ በመልእክቱ በምዕራፍ 4፣ ወደ ከተማ ሄደን እንነግዳለን፣ እናተርፋለን እያሉ የነገን ነገር እንደ ራሳቸው ንብረት የሚቈጥሩትን ይገሥጻል። ከዚህም በላይ የተያዘው ዘመን የፈራሚው ብቻ አይደለም። የሚስቱ ድካም፣ የልጆቹ የማደጊያ ጊዜ፣ በአገር ቤት ለቀሩት ለወላጆቹ የሚልከው ገንዘብ ሁሉ በዚያ ፊርማ ውስጥ ይገባል። ከአቅም በላይ የሆነ ቤት ገዝተው ባልና ሚስት በየፊናቸው በሁለት ሥራ የሚደክሙ ስንቶች ናቸው! አንዱ ከሌሊት ሥራ ሲመለስ ሌላው ይወጣል፤ ሰንበትም ከክፍያው የተነሣ የሥራ ቀን ይሆናል። አምስት መኝታ ቤት ያለው ቤት ቀኑን ሙሉ ተዘግቶ ይውላል፤ ቤተ ሰቡም በአንድ ማዕድ ዙሪያ ተሰብስቦ የሚጸልይበት ሰዓት ያጣል። ይህ ቤተ ሰብ ቤትን ለመግዛት ሲል ቤትን ቤት የሚያሰኘውን ነገር ከፈለ። ከባንኩ ወረቀት ላይ የማይገኘው ወለድም ይህ ነው።

አባቶቻችን የዕዳን ነገር አቅልለው አላዩትም። በ325 ዓ.ም. በኒቅያ የተሰበሰቡት ሠለስቱ ምዕት በ17ኛው ቀኖናቸው ካህናት ወለድ እንዳይቀበሉ ከለከሉ። ታላቁ ቅዱስ ባስልዮስም መዝሙር 14ን ሲተረጕም አራጣ አበዳሪዎችን ከገሠጸ በኋላ ቃሉን ወደ ተበዳሪው መልሶ በዕዳ ነጻነቱን እንዳይሸጥ መክሮታል። ከዚህ ሁሉ አስቀድሞ በመጽሐፈ ነህምያ ምዕራፍ 5 እንደምናነበው፣ በራብ ዘመን እርሻቸውን፣ ወይናቸውንና ቤታቸውን አስይዘው የተበደሩ ሰዎች በጮኹ ጊዜ ነህምያ ባለጠጎቹን ገሥጾ መያዣውን እንዲመልሱ አድርጓል። ዛሬ ሠርቶ የሚከፍል ሰው ከባንክ የሚወስደው ብድር በራብ ከተጨነቀ ድኻ ላይ ከሚወሰድ አራጣ ጋር በሁሉ አንድ ነው ለማለት አንደፍርም። የአባቶች ጥንቃቄ ግን አልተለወጠም፤ ዕዳ የሰውን ነጻነት የሚነካ ነገር ነውና በፍርሃትና በማስተዋል ሊቀርቡት ይገባል።

እንግዲህ ምን እናድርግ? በመጀመሪያ ደረጃ ባልና ሚስት አብረው ይቀመጡ፤ «በወር ስንት?» ከሚለው ጥያቄ ጋር «በጠቅላላው ስንት?» የሚለውንም ይጠይቁ። በአሜሪካ ሕግ አበዳሪው ውሉ ከመፈጸሙ ቢያንስ ሦስት የሥራ ቀን አስቀድሞ የመጨረሻውን የሒሳብ መግለጫ ለተበዳሪው መስጠት አለበት፤ በአምስተኛው ገጽም በብድሩ ዘመን ሁሉ የሚከፈለው ጠቅላላ ገንዘብ ተጽፎ ይገኛል። ያችን ገጽ ሳያነቡ አይፈርሙ። በአገራችንም 20/80 እና 40/60 በተባሉት የጋራ መኖሪያ ቤቶች ውል ሁለተኛው ቍጥር በባንክ ብድር የሚሸፈነው እጅ ስለ ሆነ፣ ያው ጥያቄ ለዚያም ይገባል።

በሁለተኛ ደረጃ፣ የተፈረመ ዕዳም ቢሆን ሊያጥር ይችላል። በላይ በጠቀስነው ምሳሌ ያ የቤተ ሰብ አባት ከመጀመሪያው ወር ጀምሮ ለዋናው ዕዳ ማቃለያ በወር 200 ዶላር ቢጨምር ከአምስት ዓመት በላይ አስቀድሞ ይጨርሳል፤ ከወለዱም 110 ሺህ ዶላር የሚበልጥ ያድናል። ነገር ግን ተጨማሪው ገንዘብ ለዋናው ዕዳ መዋሉንና ውሉ ቀድሞ በመክፈል መቀጫ የማይጥል መሆኑን አስቀድሞ ያረጋግጥ።

በሦስተኛ ደረጃ፣ ስለ ምን እንደምንገዛ ኅሊናችንን እንመርምር። ቤተ ሰብን ከብርድና ከዝናም ለመጠበቅ የሚገዛ ቤት የወላጅ ግዴታ ነው። ጎረቤት ስለ ገዛ፣ ወይም ዘመድ አይቶ እንዲያደንቅ የሚገዛ ቤት ግን ለስም የተከፈለ ግብር ነው፤ የስም ዕዳ ደግሞ የማለቂያ ቀን የለውም። ከምእመናን መካከል በቤት ሽያጭና በብድር ሥራ የተሰማሩ ቢኖሩም፣ ለወንድማቸው እውነተኛውን ሒሳብ ሳይሸሽጉ መንገር ከእግዚአብሔር ዘንድ የሚጠየቁበት አደራ መሆኑን ይወቁ።

ቤቱ ትንሽ ቢሆን፣ የግድግዳው ቀለም ያረጀ ቢሆን፣ ነገር ግን ማታ ሁሉም ተሰብስቦ የሚጸልይበት፣ ለእንግዳ ቍራሽ የማይታጣበትና በሰንበት ወደ ቅዳሴ የሚወጣበት ከሆነ ባለቤቱ የገዛው ቤት በእርግጥ የእርሱ ነው። አምላካችን እግዚአብሔር ዘመናችንን ቈጥረን በጥበብ እንድንኖር፣ ከእጃችን የሚወጣውን ብቻ ሳይሆን ከነፍሳችን የሚወጣውንም እንድናስተውል ይርዳን። አሜን።