የጠላትን ደመወዝ ስለ በላ ወገን

ሰው የሚፈረድበት በበላው እንጀራ ነውን፣ ወይስ በሠራው ሥራ? ጠላት ሚያዝያ 27 ቀን 1928 ዓ.ም. አዲስ አበባ ከገባ በኋላ፣ ከእንጦጦ እስከ አቃቂ ያለውን ምድር የያዘው በነጭ ወታደር ብቻ አልነበረም፤ የአገሩንም ልጅ በደመወዝ ቀጥሮ መሣሪያ አስያዘው። ሕዝቡም ባንዳ አለው። ነገር ግን ያንኑ ደመወዝ ከሚበሉት መካከል ጥይትና ወሬ በስውር ለአርበኞች የሚልኩ ነበሩ፤ የካቲት 12 ቀን 1929 ዓ.ም. በግራዚያኒ ላይ ቦምብ ከጣሉት አንዱ አብርሃ ደቦጭም የጣልያን መሥሪያ ቤት ሠራተኛ ነበረ።

ይህም ነገር በእኛ አገር ብቻ የሆነ አይደለም። በአየርላንድ ሰኔ 1912 ዓ.ም. በሊስቶል ከተማ የእንግሊዝን ደመወዝ የሚበሉ የአገሩ ተወላጆች ፖሊሶች የአለቆቻቸውን ትእዛዝ እንቢ አሉ።

እንግዲህ ልብስ ብቻውን አይመሰክርም። ረኃብ ሰውን ወደ ጠላት ደጅ ሊያደርሰው ይችላል፤ የጎረቤቱን ቤት በጣቱ እንዲያሳይ ግን አያስገድደውም። ልጆቹን ለማብላት ዘብ የቆመውም ንጹሕ ነው አንልም፤ መቆሙ የጠላትን ክንድ አበርትቷልና። ሆኖም እርሱንና ለሹመት ብሎ ወንድሙን ያስገደለውን በአንድ ስም መጥራት ለፊተኛው ግፍ፣ ለኋለኛው መሸሸጊያ ነው፤ በብዙዎች መካከል ይሰወራልና። ስለዚህ ቅን ፈራጅ «የማንን እንጀራ በላህ?» ብሎ አያበቃም፤ «ወገንህ በእጅህ በወደቀ ጊዜ ምን አደረግህ?» ብሎ ይጠይቃል።