የስም ዜማና ባለቤቱ

በሃዋይ ደሴቶች «ሜሌ ኢኖአ» የሚባል ድርሰት አለ፤ ትርጓሜው የስም ዜማ ማለት ነው። ባለቅኔው ለንጉሥ ወይም ለመኳንንት ልጅ ደርሶ ገጸ በረከት አድርጎ ይሰጠዋል፤ ከተሰጠም በኋላ ዜማው የደራሲው መሆኑ ቀርቶ የተመሰገነው ሰው ገንዘብ ይሆናል። በዚያ አገር ጽሕፈት ሳይገባ የመሳፍንቱ ትውልድና ክብር በቃል ይጠበቅ ነበርና፥ የአንዱን የስም ዜማ ለሌላ ማዞር እንደ ነውር ይቆጠራል።

በ2002 ዓ.ም. (ዘመኑ ሁሉ እንደ አውሮጳ አቆጣጠር ነው) የአሜሪካው የዋልት ዲስኒ ኩባንያ «ሊሎና ስቲች» የተባለውን በሥዕል የተሠራ ፊልም አወጣ። የፊልሙ ዜማ ደራሲ አለን ሲልቬስትሪና፥ ሁላ የሚባለው የአገሩ ጭፈራ መምህር የሆነው የሃዋይ ተወላጅ ማርክ ኬአሊኢ ሆኦማሉ፥ ለንጉሥ ካላካውአና ለእኅቱ ለንግሥት ሊሊኡኦካላኒ ከተደረሱት የስም ዜማዎች ቃሉን ወስደው በካሜሃሜሃ ትምህርት ቤት ሕፃናት አዘመሩት። የንጉሡ ስም ከዜማው አልወጣም፤ ሕፃናቱ አጥርተው ይጠሩታል። የመዝሙሩ ርእስ ግን «ለሊሎ የሆነ መዝሙር» ተባለ፤ ሊሎም በልብ ወለድ የተፈጠረች ሕፃን ናት። (ቃሉ ራሱ በሃዋይ ቋንቋ የጠፋ፥ ወደ ሌላ እጅ ያለፈ ማለት መሆኑ ያስገርማል።) በደራሲነት የተጻፈውም የሁለቱ ሰዎች ስም ነው። በዚህ ነገር በሃዋይ ሰዎች ዘንድ ቅሬታ ተነሣ።

እንግዲህ ስም መሆኑን በማያውቅ ሰው ፊት የተጠራ ስም፥ ተከበረ ይባላልን?

ለዜማ ደራሲው የሚከራከር ሰው የሚለው አያጣም። የቀድሞ ዘመን ዜማ በሕግ ፊት ባለቤት የለውም፤ የማይዘመር ዜማም ይሞታል። ከዚህም በላይ፥ ክርስትናን የተቀበለችው ንግሥት ካአሁማኑ በ1830 ዓ.ም. በአደባባይ እንዳይታይ የከለከለችውን ሁላ፥ በ1883 ዓ.ም. በዘውድ በዓሉ በግልጥ ያስጨፈረው ይኸው ካላካውአ ነበረና፥ ውዳሴው ከሁላ ጋራ በዓለም መሰማቱ የተገባ ይመስላል። ይህ ክርክር ቀላል አይደለም። ነገር ግን ሕግ የሚመለከተው የሚሸጠውንና የሚለወጠውን ነው፤ ውዳሴ ለአንድ ሰው ከተሰጠ በኋላ ግን ያ ሰው ቢሞትም ለሌላ አይሰጥም። ንግሥቲቱ በጥር 1893 ዓ.ም. ከዙፋኗ ተገፍታ ወረደች፤ አገሪቱም በ1898 ዓ.ም. ወደ አሜሪካ ተጨመረች። መንግሥቱ ለተወሰደበት ቤት የቀረው ስሙ ነው፤ ስም ከመቃብር በላይ ይውላል እንዲሉ። ያንን ስም በርእሱ ላይ ማኖር ከአንዲት መሥመር የበለጠ አይፈጅም ነበር። ዜማውን መውሰድ አይነቀፍም፤ የሚነቀፈው የአንዱን ገጸ በረከት በሌላ ስም ማቅረብ ነው።

በዚያው ፊልም ውስጥ፥ ታላቂቱ እኅት ከታናሿ ልትለይ በደረሰች ጊዜ፥ ሊሊኡኦካላኒ በ1878 ዓ.ም. ገና ልዕልት ሳለች የደረሰችውን «አሎሃ ኦኤ» የተባለውን የስንብት ዜማ በለሆሳስ ትዘምርላታለች። በዚህኛው የማንም ስም አልተለወጠበትም።