ጥበብን ወዶ ጥበበኛን መናቅ

ሰው በአንድ ሥራ ደስ እየተሰኘ ሠሪውን ቢንቅ፥ ፍርዱ ቅን ነውን? ይህ ጥያቄ በአገራችን ከዘመናዊው ቴአትር ጋራ አብሮ የተወለደ ነው። በጅሮንድ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም በ1913 ዓ.ም. ግድም የመጀመሪያውን ተውኔት ከጻፉ በኋላ፥ ለብዙ ዘመን የሴትን ቦታ ይዘው የሚጫወቱ ወንዶች ነበሩ። ታሪኩ ሴትን ይፈልጋል፤ ሴት መድረክ ላይ መውጣቷ ግን እንደ ነውር ይቈጠር ነበር።

ይህን አጥር ከጣሱት ቀደምት ሴቶች አንዷ ወይዘሮ አስናቀች ወርቁ ናቸው። ክራር ደርዳሪም፥ ዘፋኝም፥ ተዋናይትም ሆነው፥ በ1948 ዓ.ም. ተከፍቶ ዛሬ ብሔራዊ ቴአትር በምንለው ቤት አገለገሉ። በዚያን ጊዜ በገና የጸሎት መሣሪያ ሲባል፥ ክራር በልማድ የሰይጣን መሣሪያ ይባል ነበር፤ «አዝማሪ» የሚለውም ስም የሙያ መጠሪያነቱ ቀርቶ ለስድብ ይውል ነበር። ማታ ያጨበጨበው ሰው ጧት ያማል ማለት ነው።

ነገሩ የእኛ ብቻ አይደለም። በሻንጋይ ድምፅ አልባ ፊልም ስመ ጥር የነበረችው ሩዋን ሊንግዩ፥ እንደ አውሮጳውያን አቈጣጠር በ1934፥ ልጇን ለማስተማር ገላዋን የምትሸጥ እናት ሆና ተጫወተች። በሚከተለው ዓመት ጋዜጦች የቤቷን ምስጢር እያነሡ ቢያሳድዷት፥ በ24 ዓመቷ የገዛ ሕይወቷን አጠፋች፤ ቀብሯንም እጅግ ብዙ ሕዝብ አጀበ። በፊልም ለታየችው ሴት የተቸረው ርኅራኄ ለሕያዋ ሴት ሳይደርስላት ቀረ።

«ጥበበኛ ለወጣቶች ምሳሌ ነውና ጠባዩ ሊመረመር ይገባል» የሚል አይጠፋም። እውነት ነው፤ ነገር ግን ሚዛኑ ጎረቤታችንንና ሹማችንን የምንመዝንበት ይሁን። ሙያውን ራሱን በደል ማድረግ ፍርድ አይደለም። ተዋናይት የሌላውን ነውር በፊቷ የምታሳየን የራሳችንን እንድናይበት ነው፤ መልሰን በእርሷ ላይ ብንለጥፈው፥ የአብዬን እከክ ወደ እምዬ ልክክ ይሆንብናል።

ወይዘሮ አስናቀች በመስከረም 2004 ዓ.ም. አረፉ፤ የክራራቸው ድምፅ ግን ተቀርጾ ከአገር ውጭም ይሰማል። ሙታንን ማመስገን ቀላል ነው፤ ሙት ከእኛ የሚጠይቀው የለምና። ዛሬ ከአያት እስከ ጉለሌ በየቤታችን ማታ ማታ ተዋናይትን በቴሌቪዥን እናደንቃለን፤ የገዛ ልጃችን «ተዋናይት ልሁን» ያለች ዕለት ግን ፊታችን የሚጠቍር ጥቂቶች አይደለንም። ጥበብን መውደዳችን የሚታወቀው፥ ያን ጊዜ በምንሰጣት መልስ ነው።