የጾም ቅቤ ይባላልን?

ገና ሰባት ዓመት ሳይሞላኝ፣ በዐቢይ ጾም አንድ ማለዳ፣ እናቴ ከባቢሌ የመጣላትን ኦቾሎኒ ዘርግታ፣ ሻጋታው መርዝ ያፈራልና የጠቆረውንና የሻገተውን አንድ በአንድ ለቅማ ከጣለች በኋላ፣ ቀዩ ገለባው በመዳፍ ሲታሽ እስኪረግፍ ድረስ በምጣድ ላይ በዝግታ አምሳ፣ በሰፌድ አንፍሳ፣ በሙቀጫ ትወቅጠው ጀመር። ድቁሱ በመጀመሪያ እንደ አሸዋ ደረቅ ሆኖ ይበተን ነበር፤ ቀጥሎም እርስ በርሱ እየተያያዘ እንደ ጠጣር ሊጥ በዘነዘናው ጫፍ ላይ ይጣበቅ ጀመር፤ ክንድ ደክሞ፣ ከዚህ ወዲያ አይለዝብም ተብሎ ተስፋ በሚቆረጥበት ሰዓት ግን ከውስጡ ወዝ ወጣና ፊቱ አብረቀረቀ፣ የዘነዘናውም ድምፅ ተለወጠ። ከፍሬው ክብደት እኩሌታው ያህል ዘይት ሲሆን፣ ያ ዘይት በረቂቃን ክፍሎቹ ውስጥ ተዘግቶ ስለሚኖር፣ እነርሱ እስኪሰበሩ ድረስ አይገኝም፤ ከጥቂት ጨው በቀር ከውጭ የተጨመረበት ነገር አልነበረም።

ይህን ምግብ የለውዝ ቅቤ ስንለው ሁለቱንም ስም ከሌላ ተውሰን ነው። በኦሪት ዘኍልቍ የአሮን በትር ያፈራችው ለውዝ የዛፍ ፍሬ ነው፤ ይህኛው ግን ከአተርና ከባቄላ ወገን ሆኖ፣ አበባው ከረገፈ በኋላ እግሩን ወደ ምድር ሰድዶ ፍሬውን በአፈር ውስጥ የሚሰውር ነው። ቅቤም የላም እንጂ የእህል አይደለም።

ጎረቤታችን የነበሩ አንድ መሪጌታ በዚያች ዕለት ከደጃፋችን ቆመው እናቴን ገሠጹ፤ ጥሉላትን ትቶ ጥሉላት የሚመስል መሻት፣ ከንፈር እየጾመ ልብ መብላቱ ነው አሉ። ነገሩ ከዚያ ጀምሮ እስከ ዛሬ በሕሊናዬ ሲመላለስ ኖሯል፤ ምክንያቱም ቃላቸው እውነት ነበረበት፤ ይሁን እንጂ እውነቱ ሁሉ በእርሳቸው ዘንድ አልነበረም። በትንቢተ ዳንኤል ምዕራፍ 1 ነቢዩና ሦስቱ ጓደኞቹ የንጉሡን ማዕድ ንቀው 10 ቀን ጥራጥሬ ቢበሉ፣ ከሌሎቹ ብላቴኖች ይልቅ ፊታቸው አምሮ፣ ሥጋቸው ወፍሮ ተገኘ፤ በምዕራፍ 10 ግን ያው ዳንኤል 3 ሳምንት ባዘነ ጊዜ ሥጋንና ወይንን ብቻ ሳይሆን፣ ለአፍ የሚጣፍጠውን እንጀራ ሁሉ ተወ። በአንድ ሰው ሕይወት ሁለት ጾም ሲኖር፣ በፊተኛው የተወፈረበትን ጥራጥሬ መጽሐፍ አልነቀፈውም፤ በኋለኛውም ያ ሰው ማንም ሳያዝዘው ከሕጉ አልፎ ሄደ። እኔም ቤተ ክርስቲያን ፊተኛውን ለሁሉ ሥርዓት አድርጋ፣ ሁለተኛውን ለየሰው ፈቃድና ለንስሓ አባቱ ምክር ትታዋለች ብዬ አምናለሁ፤ በሰሙነ ሕማማትም ብዙ ምእመናን ዘይትንና ጣፋጭን ሳይቀር የሚተዉት ከዚህ የተነሣ ይመስለኛል።

ስለዚህ ፈጣሪ በዘር ውስጥ የሰወረውን ስብ እንደ ነውር አልቈጥረውም። የምፈራው ፍትወት ጥያቄዋን ገና ሳትጨርስ መልስ ማግኘቷን ነው፤ ያለቀለት ቅቤ በጠርሙስ ተሽጦ በመደርደሪያ ላይ ሲቆይ፣ በመሻትና በአፍ መካከል ማንኪያ ብቻ ይቀራል። በሙቀጫው ፊት ግን ረጅም ሰዓትና የክንድ ድካም ጣልቃ ይገቡ ነበር፤ በዚያም ላይ፣ መሪጌታው ያላዩት፣ እኔ ግን በዓይኔ ያየሁት ነገር ነበረ።

እናቴ ያን ሁሉ ስትወቅጥ፣ ሽታው ቤቱን ሞልቶት ሳለ፣ ጾሟ እስከ ዘጠኝ ሰዓት ነበርና የጣቷን ጫፍ እንኳ ወደ አፏ አላደረሰችም። ጨዉን ማወቅ ባስፈለጋት ጊዜ፣ ወጥ ስትሠራ ታደርግ እንደ ነበረው ሁሉ፣ ወደ እኔ ዞር ብላ «ና እስቲ ልጄ፣ ቅመስልኝ» አለችኝ። ጣቴን ከሙቀጫው ከንፈር ላይ አስነካሁና ላስሁት፤ ሞቅ ያለ ነበር፣ ከላንቃዬም ላይ ተጣብቆ አልለቅ አለኝ። አፌን እስክፈታ ድረስ ዓይኗን ከፊቴ ላይ ሳታነሣ ጠበቀችኝ።

«ጨው ያንሰዋል» አልኋት።

ቆንጠር አድርጋ ጨመረችበትና ዘነዘናዋን እንደ ገና አነሣች።