ጊዜን የሚመልስ ዕንቍ

በጨለማ የሚያበራና ያለፈውን ጊዜ የሚመልስ ዕንቍ ቢሰጠን ምን እናደርግበት ነበር? ብዙዎቻችን የተፈጸመውን በደል እንዳልተፈጸመ ለማድረግ እንመኝ ይሆናል። እንዲህ ያለ ዕንቍ ግን የለም። ታዲያ ያለፈ በደል በምን ይካሳል?

በጨለማ የሚያበራውንስ ነገር ሰዎች በእርግጥ አግኝተውት ነበር። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1898 ማሪ ኩሪና ባለቤታቸው ፒየር ራዲየምን አገኙ። በአሜሪካ፣ በኒው ጀርሲ ግዛት፣ በኦሬንጅ ከተማ ከ1917 ጀምሮ ወጣት ሴቶች የሰዓት ቁጥሮች በሌሊት እንዲታዩ በራዲየም ቀለም ይቀቡ ነበር። ጉዳት የለውም ስለ ተባሉም ብሩሹን በከንፈራቸው ያሾሉ ነበር። ራዲየሙ ግን አጥንታቸው ውስጥ ገብቶ የብዙዎቹን መንጋጋ አበሰበሰ። ይህ ነገር ግማሹ እንኳ እስኪያልቅ 1600 ዓመት ያህል ይፈጃል።

በ1927 ከእነርሱ አምስቱ አሠሪያቸውን ከሰሱ፤ በሚቀጥለውም ዓመት በስምምነት ካሳ አገኙ። ጤናቸው አልተመለሰም። ነገር ግን አቤቱታቸው ከእነርሱ በኋላ ለመጡት ሠራተኞች መጠበቂያ ሆነ።

እንግዲህ ጊዜን ወደ ኋላ መመለስ ለእኛ አልተሰጠንም። በደል እንዳይደገም መናገር ግን ተሰጥቶናል። በዚህ ዝም ካልን፣ ዕንቍው ቢኖረንስ ምን ይጠቅመናል?