የሊቃውንት ክብርና ትሕትና

ሰው በዕውቀቱ ሲከበር ክብሩ የማን ነው?

የብረት ቀጥቃጭ ልጅ የሆነው እንግሊዛዊው ሚካኤል ፋራዴይ በወጣትነቱ መጽሐፍ ጠራዥ ነበረ፤ የሚጠርዘውንም እያነበበ ተማረ። በአውሮፓውያን አቈጣጠር በ1824 ዓ.ም. የለንደን ንጉሣዊ የሊቃውንት ማኅበር አባል ሆነ፤ በ1831 ዓ.ም. ከማግኔት እንቅስቃሴ ኤሌክትሪክ እንደሚገኝ ገለጠ። ኋላ ግን የማኅበሩን ፕሬዚዳንትነት ቢያቀርቡለት አልተቀበለም። በትንሿ የጸሎት ማኅበሩ ዘንድ ሽማግሌ ሆኖ ማገልገልን ግን አልናቀም።

ክብርን መቀበል ኃጢአት ነው አንልም፤ እርሱም አባልነቱን ተቀብሏልና። ነገር ግን ሊቅ የተሰወረውን ያገኛል እንጂ አይፈጥርም፤ ስለዚህ ምስጋናው ወደ ፈጣሪ ይመለስ ዘንድ ይገባል። እኛም ባለ ማዕርጎች ሁሉ ራሳችንን እንመርምር፦ ማዕርጉ ቢወሰድብን ሥራውን እንወደው ይሆን?